ሆንግ ክዩንግ-ፒዮ፦ ፀሐይን የሚከተል የኮሪያ ካሜራ

ሆንግ ክዩንግ-ፒዮ ስማቸው ከዳይሬክተሮች እኩል ከሚነሳ ጥቂት የደቡብ ኮሪያ የፊልም ቀረጻ ባለሙያዎች አንዱ ነው። በ1962 እ.ኤ.አ. የተወለደ ሲሆን፣ ስሙ የገነነው የአገሪቱ ሲኒማ በአዲስ ትውልድ ዳይሬክተሮች መነቃቃት በጀመረበት በ1990ዎቹ ማብቂያ አካባቢ ነው። በ2004 የቀረጸው «ታየጉክጊ» የተሰኘው የጦርነት ፊልም በአገር ውስጥ ብቻ ከ11 ሚሊዮን በላይ ተመልካች አግኝቷል። ፊልሙ የሁለት ኮሪያውያን ወንድማማቾች ታሪክ በመሆኑ የእኛ ቃኘው ሻለቃ አይታይበትም እንጂ፣ ጦርነቱ ቃኘው የዘመተበት ያው የኮሪያ ጦርነት ነው።

ከዳይሬክተር ቦንግ ጁን-ሆ ጋር «ማዘር»ን (2009)፣ «ስኖውፒርሰር»ን (2013) እና «ፓራሳይት»ን (2019) ሠርቷል። በኋለኞቹ ሁለቱ ብርሃን የሀብት መለኪያ ነው። በ«ስኖውፒርሰር» ድሆች የታጨቁባቸው የባቡሩ የጭራ ፉርጎዎች መስኮት የላቸውም፤ ወደ ፊት ዘልቀው የቀን ብርሃን ሲያገኙ ዓይናቸው ይጭበረበራል። ለ«ፓራሳይት» ደግሞ የባለጸጎቹ ቤት ለፊልሙ ተብሎ ሲሠራ የፀሐይ አቅጣጫ አስቀድሞ ተጠንቶ ነበር፤ የመስኮቶቹ ቦታና ስፋት የተወሰነውም ቀረጻው በሚካሄድበት ሰዓት ፀሐይ የት እንደምትሆን ታይቶ ነው። ስለዚህ ሳሎኑን ከግቢው የሚለየው ትልቅ መስታወት ብርሃኑን እንደ ልብ ሲያስገባ፣ ግማሹ ከመሬት በታች በሆነው የድሆቹ ቤት ግን በአንዲት ጠባብ መስኮት ሾልኮ የሚገባው ብርሃን ካልሲ ለማድረቅ እንኳ የሚበቃ አይመስልም። ፊልሙ በካን የፊልም ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት ፓልም ዶርን፣ በ2020 ደግሞ አራት ኦስካር ወሰደ፤ የሚገርመው ግን በቀረጻ ዘርፍ እጩ እንኳ አልሆነም።

ለእኔ ግን የሆንግን እጅ በይበልጥ የሚያሳየው የዳይሬክተር ሊ ቻንግ-ዶንግ «በርኒንግ» (2018) ነው። ፀሐይ ጠልቃ ጨለማ ሳይወርድ፣ ለሰሜን ኮሪያ ድንበር ቅርብ በሆነ የገጠር ቤት ደጃፍ አንዲት ወጣት ትደንሳለች። ካሜራው ፊቷን ለማብራት አይጣደፍም፤ ሰውነቷ እየጠቆረ ጥላ እስኪመስል ይከተላታል። እንዲህ ያለ ብርሃን በቀን ውስጥ የሚቆየው ለደቂቃዎች ብቻ ስለሆነ፣ ልምምዱ ሁሉ አስቀድሞ ማለቅ አለበት፤ ተዋናይዋ ከተሳሳተች ወይም ደመና ከጋረደ የሚጠበቀው የነገው ምሽት ነው።

ከዚያ ወዲህ ከጃፓኑ ዳይሬክተር ሂሮካዙ ኮሬዳ ጋር በ2022 «ብሮከር»ን በኮሪያ ቀርጿል፤ በዚያው ዓመት በሊ ሳንግ-ኢል ዳይሬክተርነት የተሠራ አንድ የጃፓን ፊልምም በእሱ ካሜራ ለዕይታ በቅቷል።