ዝንብ፦ የከብት ደም መጣጯ እና የስሟ አመጣጥ

በሰሜን ሸዋ «ዝንብ»፣ በብዙ ሰው አንደበት «ዝምብ»፣ ማዕድ ላይ የምታርፈውንም ከብት የምትነክሰውንም የሚያጠቃልል ስም ነው። በእንግሊዝኛ መዛግብተ ቃላት ግን «ዚምብ» ተብሎ የተመዘገበው የኢትዮጵያ ከብት አሳዳጅ ዝንብ ብቻ ነው። ቃሉን ወደዚያ የወሰደው በ1770 እ.ኤ.አ. ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊ ተጓዥ ጄምስ ብሩስ ነው። በ1790 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉ ከነሥዕሏ አቅርቧታል፤ ድምፅዋ ሲሰማ ከብቱ ግጦሹን ትቶ ይበረግጋል፣ እረኛውም ጥቁር አፈሩን ለቆ ወደ አትባራ አሸዋ ይወርዳል ይላል። ይህ የሱዳን ጠረፍ ቆላ ወግ ነው፤ የሸዋን ደጋ በዚያ መመዘን አይገባም።

ስሙ ከብሩስ እጅግ ይቀድማል። አካድኛ «ዙምቡ»፣ ዕብራይስጥ «ዘቡብ»፣ ዓረብኛ «ዙባብ» ይላሉ፤ ሁሉም የአንድ ሴማዊ ሥር ቅርንጫፎች ናቸው። ኢሳይያስ 7፥18 ላይ ዕብራይስጡ «ዘቡብ» ያለውን አማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ዝንብ» ይለዋል። «ዝምብ» የሚለው አነጋገርም ስሕተት አይደለም፤ ከንፈር ለ«ብ» ሲዘጋ «ን» ወደ «ም» ይሳባል።

ከዚህች ከብት ነካሽ ዝንብ (በእንግሊዝኛ «ሆርስፍላይ») ደም የምትመጠው ሴቷ ብቻ ናት፤ እንቁላል ለመጣል ደም ያስፈልጋታል። ወንዱ የአበባ ወለላ ይቀስማል። እንቁላሏን ውኃ አጠገብ ባለ ቅጠል ላይ ትጥላለች፣ እጩም ረግረግ ጭቃ ውስጥ ያድጋል። ስለዚህ ክረምት ሲወጣ፣ ፀሐይ ሲሞቅ፣ ወንዝ ዳር ያለ ግጦሽ ይከፋል። ውርጭ ከሚጥልበት ደብረ ብርሃን ይልቅ ወደ ሸዋ ሮቢት የሚወርደው ቆላ ይመቻታል።

አፏ እንደ ምላጭ ቆዳውን ይቀድዳል፤ ከሆድ ሥር የደም ጠብታ ተንጠልጥሎ ይታያል። ላሟ እግሯን ትመታለች፣ ጅራቷን ታወናጭፋለች። ዋናው ጉዳት የሚመጣው ከዚህ ነው፦ ሕመሙ ስለሚያስበረግግ ዝንቧ ሳትጠግብ ትነሣለች፣ አፏ ላይ የቀረውን ትኩስ ደም ይዛ ጎረቤት ከብት ላይ ታርፋለች። ገንዲ የተባለው የከብት ደም በሽታ፣ ዋና አስተላላፊው የቆላ ዝንብ (ፀፀ) በሌለበት አገር ሳይቀር የሚዛመተው በዚህ መንገድ ነው፤ አባ ሰንጋንም (አንትራክስ) ልታስተላልፍ ትችላለች። ጥቁርና የሚንቀሳቀስ ነገር ይስባታል፤ ጥላ ወዳለው በረት ብዙም አትገባም። እረኛው ቀትር ላይ ኩበት አጭሶ መንጋውን ጥላ ሥር ሲያሳርፍ ንክሻውንም በሽታውንም ይቀንሳል።