በኮድ ቅስት መሳል፦ የአርክ ትዕዛዝ ምንድን ነው?

ፋይል ሲወርድ ቀስ በቀስ የሚሞላውን ቀለበት ታውቁታላችሁ። ባትሪ ስንት እንደቀረው የሚያሳየው ክብ፣ የእርምጃ ቆጣሪው፣ የፍጥነት መለኪያው፣ ሁሉም ያልተዘጉ ክቦች ናቸው። እንዲህ ያለው የክብ ቁራጭ ቅስት ይባላል። የድር ደረጃዎችን የሚያወጣው ድርጅት ደብሊው ስሪ ሲ እ.ኤ.አ. በ2001 ደረጃ አድርጎ ባወጣው በኤስቪጂ (ድረ ገጽ ላይ ሥዕል በኮድ የሚጻፍበት ቋንቋ) ደግሞ ቅስት የሚሳለው «ኤ» በምትባል አንድ ፊደል ነው፤ የአርክ ትዕዛዝ የምንለው እሷን ነው።

ብዙ ጀማሪ እዚህች ፊደል ላይ ይደናገራል፤ አይፈረድበትም። ትምህርት ቤት በኮምፓስ ክብ ስንሠራ መጀመሪያ መርፌውን መሃል ላይ እንተክላለን። «ኤ» ግን ስለ መሃል ጨርሶ አትጠይቅም። የምትፈልገው መነሻውን፣ መድረሻውን እና ሬዲየሱን ነው። መሃሉን ብሮውዘሩ ራሱ ያሰላዋል።

100 በ100 የሆነ ሰሌዳ እንውሰድ። መሃሉ 50፣ 50 ላይ ነው፤ ሬዲየሱ 40። ከላይ ጀምሮ 75 በመቶ የሞላ ቀለበት እንዲህ ይጻፋል፤ ፊደሎቹ በኮዱ ውስጥ የላቲን ካፒታል ናቸው፦

ኤም 50 10 ኤ 40 40 0 1 1 10 50

«ኤም» ብዕሩን 50፣ 10 ላይ ታስቀምጣለች። 40 40 የአግድም እና የቁልቁል ሬዲየስ ናቸው፤ ከተለያዩ ቅርጹ ሞላላ ይሆናል። ቀጥሎ ያለው 0 የሞላላው ማዘንበያ ስለሆነ ለክብ ለውጥ የለውም። 10 50 መድረሻው ነው።

ዋናው ጉዳይ ያለው በሁለቱ 1ዎች ላይ ነው። በሁለት ነጥቦች መካከል፣ በአንድ ዓይነት ሬዲየስ፣ ሁለት የተለያዩ ክቦች ማለፍ ይችላሉ። ነጥቦቹ እያንዳንዱን ክብ ትልቅ እና ትንሽ ቅስት አድርገው ይከፍሉታል። ስለዚህ አራት ቅስቶች አሉ ማለት ነው። የትኛውን እንደምንፈልግ ካልነገርነው ብሮውዘሩ በምን ያውቃል? የመጀመሪያው ቁጥር 1 ሲሆን ከ180 ዲግሪ የሚበልጠውን፣ 0 ሲሆን ትንሹን ይመርጣል። ሁለተኛው 1 ሲሆን በሰዓት አቅጣጫ ይዞራል፣ 0 ሲሆን በተቃራኒው።

ቀለበቱ እስከ 50 በመቶ ድረስ የመጀመሪያው ቁጥር 0 ነው። ከ50 ሲያልፍ ወደ 1 መቀየር አለበት። ይህ ከተረሳ፣ 60 በመቶ ላይ ቅስቱ ከቦታው ተነቅሎ ወደ ግራ ይዘላል። ኮዱ ኤረር አያሳይም፤ ሌላኛውን ክብ ይዞ ዝም ብሎ ይስላል። ቀለበታችሁ ግማሹን እንዳለፈ ከተበላሸ መጀመሪያ የምታዩት ይህንን ቁጥር ይሁን።

መድረሻውን ለማግኘት ትሪጎኖሜትሪ ይበቃል። ማዕዘኑን ከላይ ጀምረን በሰዓት አቅጣጫ እንለካለን፤ 75 በመቶ 270 ዲግሪ ነው። አግድሙ 50 ሲደመር 40 ጊዜ የማዕዘኑ ሳይን ነው። ቁልቁሉ 50 ሲቀነስ 40 ጊዜ የማዕዘኑ ኮሳይን ነው። የምንቀንሰው ስክሪን ላይ ቁጥሩ የሚያድገው ወደ ታች ስለሆነ ነው። ጃቫስክሪፕት ማዕዘኑን የሚቀበለው በራዲያን በመሆኑ ዲግሪውን በፓይ አባዝታችሁ ለ180 አካፍሉ።

100 በመቶ ላይ ሌላ ወጥመድ አለ። መነሻና መድረሻ አንድ ነጥብ ሲሆኑ ደረጃው ቅስቱ እንዲዘለል ያዛል፤ ልክ ሊሞላ ሲል ቀለበቱ ድንገት ይጠፋል። መፍትሔው ክቡን በሁለት ግማሽ ቅስት መሳል ነው።

እ.ኤ.አ. በ2006 ከማይክሮሶፍት ደብሊውፒኤፍ (የዊንዶውስ ፕሮግራሞችን መልክ መሥሪያ) ጋር የመጣው ዛምል የሚባለው የመጻፊያ ቋንቋም የሚሠራው በዚሁ መንገድ ነው። አርክ ሴግመንት በሚባለው ውስጥ ሁለቱ ምርጫዎች በቁጥር ሳይሆን «ኢዝ ላርጅ አርክ» እና «ስዊፕ ዳይሬክሽን» ተብለው በስም ይጻፋሉ። ለአንባቢ ይህ በእጅጉ ይሻላል።

ለተራ የፕሮግረስ ቀለበት ግን እኔ «ኤ»ን አልመርጥም። ሙሉ ክብ ስሉ፣ የመስመሩን ርዝመት በ«ፓዝ ሌንግዝ» 100 በሉት፣ ከዚያ መስመሩን በሚቆራርጠው በ«ስትሮክ ዳሽአሬይ» የሚታየውን ክፍል 75፣ ክፍተቱን 100 አድርጉ። ክቡ የሚጀምረው ከቀኝ በኩል ስለሆነ በ90 ዲግሪ ወደ ኋላ አዙሩት። ሳይንም ኮሳይንም አያስፈልግም፤ የድረ ገጽን መልክ በሚወስነው በሲኤስኤስ አኒሜት ማድረጉም ቀላል ነው። «ኤ» የግድ የምታስፈልገው ቅስቱ የሌላ ቅርጽ አካል ሲሆን ነው፤ ለምሳሌ የፓይ ቻርት ቁራጭ ላይ፣ ከመሃል ወጥቶ፣ ዞሮ፣ ወደ መሃል ሲመለስ።