የወረቀት ሕንጻ ምንድን ነው?

አዲስ አበባ ውስጥ ጣሪያቸው ላይ ፌሮ ቆሞ የቀረ ቤቶች ሞልተዋል። ባለቤቱ አንድ ቀን ጂ ፕላስ ዋን አደርገዋለሁ ብሎ ነው የተወው። ብሩ ሳይሟላ ዓመታት ያልፋሉ፤ ፌሮውም ይዝጋል። ግን ያ ፎቅ ጨርሶ የለም ማለት ይከብዳል። ቤተሰቡ ያውቀዋል። የትኛው ክፍል የማን እንደሚሆን፣ በረንዳው ወደየት እንደሚያይ፣ ደረጃው ከየት እንደሚነሣ ስንት ጊዜ ተወያይተውበታል። ፕላኑም ቁም ሳጥን ውስጥ ታጥፎ ተቀምጧል።

የወረቀት ሕንጻ የሚባለውም እንዲህ ያለ ነገር ነው። አርክቴክት አስቦ የነደፈው፣ ልኩ የወጣለት፣ አንዳንዴም ሞዴል የተሠራለት፣ ግን ያልተገነባ ሕንጻ። ምክንያቱ ይለያያል። ገንዘብ ጠፍቶ የቀረ አለ፤ ጦርነት መጥቶበት የቀረ አለ፤ ውድድር ላይ የወደቀም አለ። እኔን በጣም የሚስበኝ ግን ሲጀመርም እንዲገነባ ታስቦ ያልተነደፈው ነው። ነዳፊው ሐሳቡን የሚገልጽበት ሌላ መንገድ ስላጣ ሕንጻ አድርጎ ይሥለዋል።

ለእነዚህ ብቻ የሚሆን አንድ ሙዚየም ቢኖር እያልኩ ብዙ ጊዜ አስባለሁ። እስቲ አለ እንበልና አብረን እንግባ። (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

በሩ ሲከፈት አንድ ግዙፍ ኳስ ይቀበለናል። ፈረንሳዊው አርክቴክት ኤትየን ሉዊ ቡሌ በ1784 ለአይዛክ ኒውተን የነደፈው መታሰቢያ ነው። ከዳር እስከ ዳር 150 ሜትር ገደማ ነው፤ ከጊዛው ትልቁ ፒራሚድ ቁመት ይበልጣል። ሥዕሉ ላይ ከሥሩ የቆሙት ሰዎች ጉንዳን ያህላሉ። የኳሱ ቅርፊት ትንንሽ ቀዳዳዎች አሉት። ቀን ላይ ፀሐይ በነሱ እየሾለከች ስትገባ ውስጡ ኮከብ የሞላበት ሌሊት ይመስላል። ማታ ደግሞ መሀሉ ላይ የተንጠለጠለው ትልቅ መብራት ይበራና ውስጡ ቀን ይሆናል። ውጭ ሲመሽ ውስጥ ይነጋል፣ ውጭ ሲነጋ ውስጥ ይመሻል። የሰማይን ሕግ የገለጠ ሰው ሰማይ ውስጥ ይታሰብ እንደማለት ነው። በዚያ ዘመን ይህን ያህል ክብ በድንጋይ ማቆም የሚችል ግንበኛ አልነበረም። ሥዕሎቹ ግን ዛሬም ፓሪስ በሚገኘው የፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት አሉ።

ቀጣዩ ክፍል ጣሪያው ከፍ ማለት አለበት። የሩሲያዊው አርቲስት የቭላድሚር ታትሊን ግንብ የሚቆምበት ነው። ከሩሲያ አብዮት በኋላ ለፔትሮግራድ (ለዛሬዋ ሴንት ፒተርስበርግ) ከተማ የታሰበ፣ 400 ሜትር ገደማ ከፍታ ያለው፣ እየተጠማዘዘ የሚወጣ ብረት ነበር። ያኔ ኤፍል ታወር 300 ሜትር ነው። በብረቱ ውስጥ የመስታወት አዳራሾች ተሰቅለው ይሽከረከራሉ፤ የታችኛው ዙሩን በዓመት ይጨርሳል፣ ከሱ በላይ ያለው በወር፣ ሌላው በቀን። አገሪቱ ግን የእርስ በርስ ጦርነት ላይ ነበረች። ብረትም አልነበረም። በ1920 ለሕዝብ የታየው ሞዴሉ ብቻ ነው።

አሁን ቆም የምንልበት ክፍል ላይ ደርሰናል።

እኛ አገር የመሠረት ድንጋይ ተቀምጦ ሣር የበቀለበት ቦታ ብዙ አይተናል። ሞስኮ ላይ የሆነው ግን ከዚያም ይከፋል። ስታሊን የሶቪየቶች ቤተ መንግሥት የሚባል፣ በዓለም ላይ ረጅም የሚሆን ሕንጻ ፈለገ። ቦታ ለመልቀቅ ሲባል የመድኃኔዓለም ካቴድራል ታኅሣሥ 1931 በፈንጂ ፈረሰ። ውድድሩን ቦሪስ ኢዮፋን አሸነፈ። ሕንጻው 415 ሜትር ሆኖ አናቱ ላይ ግዙፍ የሌኒን ሐውልት ሊቆምበት ነበር። መሠረቱ ተቆፈረ፣ ብረቱም መቆም ጀመረ። በ1941 ጀርመን ስትወር ያ ብረት እየተፈታ ለጦርነቱ ሥራ ዋለ። ሰላም ሲመጣም ሥራው አልቀጠለም። በ1960 ጉድጓዱ ቦታ ላይ ትልቅ የመዋኛ ገንዳ ተከፈተ። ሶቪየት ኅብረት ከፈረሰች በኋላ ደግሞ ካቴድራሉ እዚያው ቦታ ላይ እንደገና ተሠራ፤ በ2000ም ተባረከ። እንግዲህ ያልተገነባ ሕንጻ የተገነባ ቤተ ክርስቲያን አፈረሰ ማለት ነው። ወረቀት ላይ የቀረ ነገር ማንንም አይጎዳም ለሚሉኝ ሰዎች ይህን ታሪክ ነው የምነግራቸው።

ለነገሩ "ወረቀት" የሚለው ቃል ራሱ እዚያው አገር ስድብ ነበር። የማይሠራ ሐሳብ ይዞ የሚመጣን አርክቴክት ማጣጣያ ነው። በ1980ዎቹ አንዳንድ ወጣት አርክቴክቶች ስድቡን ስማቸው አደረጉት። መንግሥት የሚያሠራቸው ሕንጻዎች ከፋብሪካ በወጣ ኮንክሪት የሚገጣጠሙ፣ አንዱ ከሌላው የማይለይ ነበሩ። ስለዚህ ማታ ማታ የፈለጉትን እየሣሉ ወደ ጃፓን የንድፍ ውድድሮች ይልኩ ጀመር። አሸነፉም። ከነሱ መካከል አሌክሳንደር ብሮድስኪና ኢሊያ ኡትኪን ይገኙበታል። ከሥራዎቻቸው አንዱ ለጠፉ ሕንጻዎች የታሰበ ሙዚየም ነው። የአጽም ማረፊያ የሚመስል ረጅም ግድግዳ አለው፤ በግድግዳው ላይ በተበጁት ትንንሽ ክፍተቶች የፈረሰ ቤት ትንሽ ሞዴል ተቀምጧል። በሌላኛው ሥዕላቸው ትንንሽ አሮጌ ቤቶች በሙሉ አካላቸው የኮንክሪት መደርደሪያ ውስጥ ገብተዋል። ባለቤቶቹ እስከኖሩባቸው ድረስ አይነኩም፤ ጥለዋቸው ከወጡ ይፈርሳሉ። ያደገበት ሰፈር የፈረሰበት ሰው ይህን ሥዕል ለማየት አስረጂ አያስፈልገውም።

ወረቀት ላይ ቆይቶ መሬት የወረደም አለ። አርክቴክቷ ዛሃ ሃዲድ በ1983 ሆንግ ኮንግ ተራራ ላይ ለሚሠራ ክለብ ውድድር አሸነፈች፤ ሳይሠራ ቀረ። ለዓመታት ሥዕል እንጂ ሕንጻ የላትም ተባለች። በመጨረሻ ጀርመን ውስጥ የነደፈችው የእሳት አደጋ ጣቢያ በ1993 ተገንብቶ ተጠናቀቀ። በ2004 የአርክቴክቶች ታላቅ ሽልማት የሆነውን ፕሪትስከርን ያገኘች የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች።

አንድ ክፍል የኛ ነው። በ1936 ጣልያን አዲስ አበባን ስትይዝ፣ ስመ ጥሩው አርክቴክት ሌ ኮርቡዝዬ ለከተማዋ ፕላን ነድፎ ለሙሶሊኒ ጻፈ። አዲስ አበባን በእግሩ ረግጧት አያውቅም። ንድፉ ላይ ሰፈር የለ፣ ጋራና ወንዝ ቁብ አልተሰጠው፤ መሬቱን ሰንጥቆ የሚያልፍ ሰፊ ጎዳና ተሠምሯል፣ ነጮቹና አገሬው የሚኖሩበት ተለይቷል። ሙሶሊኒ አልተቀበለውም። እኔ አርክቴክቱን ባደንቀውም ይህ ሥራው ወረቀት ላይ በመቅረቱ ከልቤ ደስ ይለኛል። ቢሆንም ሙዚየሙ ውስጥ እሰቅለዋለሁ። ማን ምን ሊያደርገን አስቦ እንደነበር ልጆቻችን በዓይናቸው ይዩት።

ከሱ አጠገብ ሰፊ አዳራሽ ባዶ አስቀርቻለሁ። ልደታ ያለው የሕንጻ ኮሌጅ በ1954 ከተከፈተ ጀምሮ ስንት ተማሪ እንቅልፉን አጥቶ የመመረቂያ ንድፍ ሠርቷል። ለገበያ፣ ለቤተ መጻሕፍት፣ ለአውቶቡስ ተራ፣ ለሐኪም ቤት የታሰቡ ናቸው። አብዛኞቹ አልተገነቡም። በካርቶንና በሙጫ የተሠሩት ሞዴሎች ግን የአንድ ሰው የብዙ ሌሊት ሥራ ናቸው። አሁንም ቤታቸው ያኖሩ ካሉ ከሁሉ በፊት የምፈልገው እነሱን ነው።