ሳምንታዊ ገበያ፦ ከባቲ ሰኞ እስከ አዲስ አበባ እሁድ

ሳምንታዊ ገበያ ገበሬው ያመረተውን ይዞ ወጥቶ የሚሸጥበት፣ በሸጠበትም ገንዘብ ጨው፣ ሳሙናና ልብስ ገዝቶ የሚመለስበት፣ በሳምንት አንድ ወይም ሁለት ቀን የሚውል ገበያ ነው። ከሻጮቹ አብዛኞቹ ነጋዴ አይደሉም። ሱቅ የላቸውም፤ ሌላውን ቀን እርሻ ላይ ውለው በገበያው ቀን ኬሻቸውን መሬት ላይ ይዘረጋሉ፣ ሲመሽ ጠቅልለው ይሄዳሉ። በቀሩት ቀናት ቦታው ባዶ ሜዳ ነው፤ ከብት ይግጥበታል፣ ልጆች ኳስ ይራገጡበታል።

በአማርኛ ተናጋሪው አገር የገበያ ቀን ምን ያህል ክብደት እንዳለው ካርታ ላይ ማየት ይቻላል። ማክሰኚት፣ ሐሙሲት፣ አርብ ገበያ፣ ሸዋ ሮቢት ሁሉም ስማቸው ላይ ቀን አለ። ጎረቤታሞች ገበያዎች አብዛኛውን ጊዜ ቀን አይጋሩም፤ የሚራራቁት ግን ሊጋሩ ይችላሉ። የላሊበላና የደባርቅ ቅዳሜ ነው፣ የደቡብ ኦሞዋ ቀይ አፈር ሐሙስ፣ የኮንሶዋ ካራት ሰኞና ሐሙስ። በዚህ መፈራረቅ ዋናው ተጠቃሚ ዟሪው ነጋዴ ነው፤ ሸቀጡን በአህያ ወይም በአይሱዙ ጭኖ ከአንዱ ወደ ሌላው ይዞራል። ገበሬውም ቢሆን ዛሬ ዋጋ ካልቀናው ዶሮውን መልሶ ወስዶ ከሦስት ቀን በኋላ ሌላ ገበያ ሊያወጣት ይችላል። ቲማቲም ያመጣ ግን ይህ ዕድል የለውም።

ድሮ አዋጅ የሚነገረው በገበያ ነበር፤ ነጋሪት ተጎስሞ ሕዝቡ የሚሰማበት ከዚያ የተሻለ ቦታ አልነበረም። ቀረጡንና የነጋዴውን ክርክር የሚያየው ሹም ነጋድራስ ይባል ነበር። ስለ አገር ኢኮኖሚ በጻፋቸው ሥራዎች የሚታወቀው ገብረ ሕይወት ባይከዳኝም የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆኖ አገልግሏል። ሹመቱ ቢቀርም ገበያ ዛሬም የወሬ፣ የመልእክትና የእርቅ ቀጠሮ ቦታ ነው። ሳይሸጥም ሳይገዛም ውሎ የሚመለስ ገበያተኛ ሞልቷል።

ከሳምንታዊ ገበያዎች ሁሉ ስሟ ጎልቶ የሚነሳው ባቲ ናት። ከኮምቦልቻ በስተምሥራቅ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ ደጋው አልቆ ቆላው በሚጀምርበት ተረተር ላይ ትገኛለች። ሰኞ ሰኞ ከታች አፋሩ ግመሉን፣ ፍየሉንና ጨውን ይዞ ይወጣል፤ ከላይ ኦሮሞውና አማራው እህልና የጓሮ ምርት ይዞ ይወርዳል። ገበያዋን ያደመቃት ይኸው ነው፤ አንዱ የሌለውን ሌላው አለው። በአዲስ አበባና በደሴ መንገድ ላይ ያለችው የሰንበቴ የእሁድ ገበያም አርጎባውን፣ አፋሩን፣ ኦሮሞውንና አማራውን በዚሁ ምክንያት ታገናኛለች።

ለእንግዳ ሰው ግርግር የሚመስለው ሜዳ በተራ የተከፈለ ነው፦ እህል ተራ፣ በርበሬ ተራ፣ ቅቤ ተራ፣ ዶሮ ተራ፣ ከዳር ደግሞ የከብት ተራ። በየተራው ውስጥ ሰው ሁሉ የለመደው ቦታ አለው። ወረቀት የለውም፣ ግን እናት ለልጅ ታወርሰዋለች። አንዲት ሴት አራስ ሆና ሁለት ወር ብትቀር ጎረቤቶቿ ቦታዋን ይጠብቁላታል፤ አዲስ መጥ ቢቀመጥበት «የሰው ነው» ይሉታል። ሻጩም በጾታ የተከፈለ ነው። በሬና በኩንታል የታሰረ እህል ባብዛኛው የወንድ ነው፤ እንቁላል፣ ዶሮ፣ ቅቤ፣ ጌሾ፣ በርበሬ የሴት። ከነዚህ የሚገኘው ገንዘብም ብዙ ቤት ውስጥ ባል የማይጠይቀው የሚስት ገንዘብ ነው። የልጆች ደብተርና የዕድር መዋጮ የሚወጣው ከዚያ ነው።

የገበያ ጥበብ ያለው ስፍሩ ላይ ነው። ኪሎ ሚዛን እየገባ ቢሆንም እህልና ቅመም አሁንም በቁና፣ በጣሳና በኩባያ ይሰፈራል፤ ድንችና ሽንኩርት በመደብ ይደረደራል። ጣሳው አንድ ጊዜ ዘይት ወይም የዱቄት ወተት የነበረበት ቆርቆሮ ነው። የአተር ሻጭን አጠገቧ ቁጢጥ ብሎ ላያት ብዙ ነገር አለ። በአንድ እጇ ስትሰፍር ሌላኛውን ክንዷን በጣሳው አፍ ዙሪያ ታደርገዋለች፤ እህሉ እንዳይፈስ ደግፋ ቁልሉን ከፍ ታደርግበታለች። ገዢዋ ደግሞ ዓይኗን ከጣሳው ቂጥ አታነሳም፤ ወደ ውስጥ የተሰረጎደ ከሆነ ከላይ ያለው ቁልል ማባበያ ነው። ስፍሩ ካለቀ በኋላ «መርቂልኝ እንጂ እትዬ» ይከተላል። አንድ እፍኝ ምራቂ ካልተጨመረ ግዢው አላለቀም። ሚዛን ሐቀኛ ነው ይባላል፤ እኔ ግን ሚዛን ያላት ሁሉ ምራቂ እንደምትሰስት አይቼ አውቃለሁና በዚህ ነገር ሙሉ በሙሉ አልስማማም።

ቅቤ ከሁሉም ይበልጥ እምነት የሚጠይቅ ዕቃ ነው። በኮባ ተጠቅልሎ ወይም በቅል ተሞልቶ ይመጣል፤ ለጋ፣ መካከለኛና በሳል ተብሎ ይለያል። የገባት ገዢ ከላይ ያለውን አትነካም። ስንጥር ወደ መሐሉ ሰክታ ታወጣና ታሸታለች፣ ከዚያም ትንሽ ቆንጥራ የእጇ ጀርባ ላይ ታሸዋለች። ንጹሕ ቅቤ በሰውነት ሙቀት ቶሎ ይቀልጣል። ባዕድ ስብ የተቀላቀለበት ግን እንደ ሰም ይጎትታል፣ ከታሸም በኋላ ቆዳ ላይ ይቀራል። በርበሬ ተፈጭቶ ሲገዛም ይኸው ሥጋት ስላለ ጠንቃቃ የቤት እመቤት ዛላውን ገዝታ ራሷ ታስፈጫለች።

ዋጋን የሚወስኑት ወቅትና ጾም ናቸው። ከኅዳር እስከ ጥር አዝመራው ሲገባ እህል ይረክሳል፤ ገበሬው ግን ያኔ የማዳበሪያ ዕዳና የመሬት ግብር ስላለበት ርካሹን ሸጦ ክረምት ላይ ውዱን የሚሸምትበት ጊዜ አለ። በዓቢይ ጾም 55 ቀናት ቅቤ ተራና እንቁላል ተራ ይቀዘቅዛሉ፣ ምስርና ሽሮ እህል ይደምቃሉ። የፋሲካ ዋዜማ ሁሉንም ይገለብጠዋል፤ በዚያ ሳምንት ዶሮ የሚሸጥ ሰው ክርክርም አያስፈልገው። የዕለቱ ሰዓትም ዋጋ አለው። ረፋዱ ላይ የማይበገር ሻጭ ዘጠኝ ሰዓት ሲያልፍ፣ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ከፊቱ ሲታየው፣ ራሱ «ስንት ትሰጫለሽ?» ማለት ይጀምራል። ይህን የሚያውቁ ነጋዴዎች ጠዋት መንገድ ላይ ይጠብቁታል፤ ገበሬው ገበያው ሳይደርስ፣ የቀኑን ዋጋ ሳይሰማ ጭነቱን ይቀበሉታል። ሞባይል ስልክ ከገባ ወዲህ ይህ ቀንሷል፤ ከተማ ላለ ዘመዱ ደውሎ ዋጋ ሳይጠይቅ ጤፉን የሚያወርድ ጥቂት ነው።

ከብት ተራ የራሱ ሥርዓት አለው። ገዢና ሻጭ በደላላ በኩል ይነጋገራሉ፤ ደላላው የአንዱን እጅ ከሌላው እጅ ጋር እያጋጨ ያስማማል፣ ለድካሙም ከሁለቱም ይቀበላል። ሻጩ የማይታወቅ ሰው ከሆነ ዋስ ይጠራል፤ የተሰረቀ በሬ ላለመግዛት ከዚህ የተሻለ መላ አልተገኘም። ማዘጋጃ ቤቱም ኮቴ የሚባለውን የከብት ገበያ ክፍያ ይቀበላል።

ከተማ ሲደርስ ይህ ሁሉ ወደ ጉሊት ይለወጣል። አዲስ አበባ ራሷ ያደገችው በአራዳው ገበያ ዙሪያ ሲሆን፣ በጣሊያን ወረራ ዘመን (1928–1933 ዓ.ም.) ገበያው ወደ ምዕራብ፣ ዛሬ መርካቶ ወደምንለው ሰፈር ተዛወረ። የጉሊት ሴት ግን ከመርካቶ ይልቅ ኑሮዋ ከአትክልት ተራ ጋር የታሰረ ነው። ፒያሳ የነበረው አትክልት ተራ በ2012 ዓ.ም. በኮሮና ምክንያት ወደ ጃንሜዳ ሄደ፣ በ2013 ዓ.ም. ደግሞ ኃይሌ ጋርመንት አካባቢ ወዳለው የላፍቶ ማዕከል። ሽሮ ሜዳ ወይም ፈረንሳይ ለጋሲዮን ጉሊት ላላት ሴት ይህ ማለት ጎህ ሳይቀድ ከተማውን አቋርጦ መሄድና ለጭነት የበለጠ መክፈል ነው። ይዛ የተመለሰችውን ሽንኩርት ትለቅማለች፤ የተመታውን ለይታ ለሽሮ ቤቶች በርካሽ ትሰጣለች፣ ደህናውን አምስት አምስት አድርጋ የማዳበሪያ ከረጢት ላይ ትደረድራለች። ደንበኛዋ ደሞዝ እስኪደርስ በዱቤ ይወስዳል። ዱቤውን የምትጽፍበት ደብተር አንዳንዴ የላትም፤ ግን አትሳሳትም። ደንብ አስከባሪ ሲመጣ ደግሞ የማዳበሪያውን አራት ጫፍ ሰብስባ ትነሳለች።

ከ2014 ዓ.ም. ወዲህ የአዲስ አበባ አስተዳደር የኑሮ ውድነቱን ለማርገብ የእሁድ ገበያ የሚባለውን አስፋፍቷል። በየክፍለ ከተማው መንገድ ተዘግቶ ድንኳን ይተከላል፤ ኅብረት ሥራ ማኅበራትና ዩኒየኖች ጤፍ፣ ሽንኩርትና እንቁላል ያቀርባሉ፣ የዋጋ ጣሪያም ይለጠፋል። ሐሳቡ ገበሬውንና ሸማቹን ያለ ደላላ ማገናኘት ነበር። በተግባር ግን ከድንኳኑ ሥር የሚቆመው ብዙ ጊዜ ከጅምላ ገበያ ገዝቶ የመጣ ነጋዴ ነው፤ እውነተኛውን ገበሬ ለማግኘት ከዩኒየኖቹ መኪና አጠገብ መሄድ ይሻላል። ዋጋው ከሰፈር ሱቅ ስለሚቀንስ ሰልፉ አይጎድልም፤ ማልዶ ያልደረሰ ግን የተለቀመውን ትራፊ ያገኛል። የተለጠፈ ዋጋ ክርክርን ያስቀራል፣ ምራቂንም አብሮ ያስቀራል።

አሁን ብዙውን ሻጭ ያሳሰበው ፌስታል ነው። የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት በ2017 ዓ.ም. ባጸደቀው አዋጅ ፌስታል ተከልክሏል። ባቲ ያለችው ቅቤ ሻጭ ኮባዋ ስላላት ብዙም አይነካት፤ ጉሊት ያለችው ግን ቲማቲሙን በምን ቋጥራ እንደምትሰጥ ማሰብ ነበረባት። አንዳንዷ ደንበኞቿን ዘንቢል ይዘው እንዲመጡ ትነግራለች፣ አንዳንዷ የጨርቅ ከረጢት ዋጋ ላይ ትጨምራለች።