በፊልም ውስጥ «ራሱን ሆኖ» መተወን ምንድን ነው?

ፊልም ሲያበቃ በሚያልፈው የተዋንያን ዝርዝር ውስጥ በአንዳንዱ ስም ትይዩ የገጸ ባሕርይ ስም አይገኝም፤ «ራሱ» ወይም «ራሷ» ይላል። ባለስሙ በገዛ ስሙና ማንነቱ በታሪኩ ውስጥ ገብቷል ማለት ነው።

ዝነኛ ሰው ብልጭ ብሎ መጥፋቱ ብቻውን ለዚህ አያበቃም። ዳይሬክተሩ አልፍሬድ ሂችኮክ በፊልሞቹ ውስጥ ብቅ ይል ነበር፤ የምናየው ግን ለምሳሌ አውቶቡስ ያመለጠውን ስም የለሽ መንገደኛ ነው። እ.ኤ.አ. በ1950 በወጣው «ሰንሴት ቡሌቫርድ» ውስጥ ደግሞ ዳይሬክተሩ ሴሲል ቢ ደሚል ሴሲል ቢ ደሚልን ሆኖ ተውኗል።

ነገሩ ቀላል ይመስላል፤ ራሱን መሆን የሚያቅተው ማን አለ? እኔ ግን ከትወና ሁሉ ከባዱ ይህ ነው ባይ ነኝ። ሰው በዕለት ኑሮው እጁን የት እንደሚያሳርፍ አያስብም። ካሜራ ፊት ያንኑ ድገም ሲባል ግን ያላሰበውን ሁሉ ማሰብ ይጀምራል። አሜሪካዊው ወታደር ኦዲ መርፊ በጥር 1945 ፈረንሳይ ውስጥ፣ በሚነድ የጦር ተሽከርካሪ ላይ ወጥቶ በመትረየስ ጠላትን ሲመክት ገና የ19 ዓመት ልጅ ነበር። በ1955 በወጣው የሕይወት ታሪኩ ፊልም ያንን ውጊያ የተወነው ራሱ ነው። ሰውየው ያው ነው፤ ፍርሃቱን ግን ከትዝታው መቅዳት ነበረበት።

ከሁሉ የሚልቅብኝ የኢራናዊው አባስ ኪያሮስታሚ «ክሎዝ አፕ» (1990) ነው። አንድ ሲኒማ ወዳድ ድሃ፣ ታዋቂው ዳይሬክተር ሞህሰን ማክማልባፍ ነኝ እያለ አንድ ቤተሰብ ያታልላል፤ ተይዞም ፍርድ ቤት ይቀርባል። ኪያሮስታሚ ችሎቱን ቀረጸ፤ ከዚያም አታላዩንና የተታለሉትን አሰባስቦ ያለፈውን እንዲተውኑት አደረገ። አታላዩ አውቶቡስ ውስጥ ከቤተሰቡ እናት ጎን ተቀምጦ፣ በእጁ የያዘውን መጽሐፍ የጻፍኩት እኔ ነኝ ሲላት እናያለን። በዚህ ትዕይንት ሰውየው የሚተውነው ሌላ ሰው ነኝ ብሎ ይዋሽ የነበረውን ራሱን ነው። ወደ ማብቂያው እውነተኛው ማክማልባፍ ሊቀበለው ይመጣል፤ አታላዩም ሲያየው ያለቅሳል። ይህን ፊልም ዘጋቢ ነው የሚሉ አሉ፤ ልብ ወለድ ነው የሚሉም አሉ። እኔ ሁለቱም ትክክል ናቸው እላለሁ፤ ምክንያቱም ሰው የኖረውን ሲተውን እንደገና ይኖረዋል።