ያልታወቀን ጉልበትና ዘዌ በቬክተር መደመርና በትሪጎኖሜትሪ ማግኘት

ጉልበት መጠንም አቅጣጫም ያለው ነገር፣ ማለትም ቬክተር፣ ስለሆነ እንደ ተራ ቁጥር አይደመርም። አንድን ዕቃ 30 ኒውተንና 40 ኒውተን (ኒውተን የጉልበት መለኪያ ነው) የሆኑ ሁለት ጉልበቶች ቢስቡት ድምሩ ስንት ነው? ወደ አንድ ወገን ከሳቡ 70፣ በተቃራኒ ከሳቡ 10፣ በ90 ዲግሪ ከሳቡ ደግሞ 50 ኒውተን ነው። በ10 እና በ70 መካከል ያለ ማንኛውም ቁጥር ሊመጣ ይችላል። የሚወስነው በመሃላቸው ያለው ዘዌ ነው።

ሥራው የሚጀመረው በሥዕል ነው። እያንዳንዱ ጉልበት በቀስት ይሣላል። የቀስቱ ርዝመት መጠኑን፣ ጫፉ አቅጣጫውን ያሳያል። ሁለተኛው ቀስት ከመጀመሪያው ጫፍ ይነሣል። ከመጀመሪያው መነሻ እስከ ሁለተኛው ጫፍ የሚሠመረው ቀስት ድምሩ ነው። የጉልበት ጥያቄ የጎነ ሦስት ጥያቄ ሆኖ አረፈው ማለት ነው። ሁለቱን ከአንድ ነጥብ አስነሥቶ ጎነ ትይዩ (ተቃራኒ ጎኖቹ ትይዩ የሆኑ ባለ አራት ጎን ቅርጽ) መሥራትም ይቻላል፤ ድምሩ ከዚያው ነጥብ ተነሥቶ ወደ ተቃራኒው ጥግ የሚሄደው ቀስት ስለሆነ ውጤቱ ያው ነው። አይዛክ ኒውተን እ.ኤ.አ. በ1687 ሦስቱን የእንቅስቃሴ ሕጎች ሲያትም ወዲያው ያስከተለው ይህንኑ የጎነ ትይዩ ደንብ ነበር።

አሁን ዘዌው 60 ዲግሪ ይሁን። የጎነ ሦስትን አንድ ጎን ከሌሎቹ ሁለት ጎኖችና በመሃላቸው ካለው ዘዌ በሚያገኘው በኮሳይን ሕግ የድምሩ ካሬ 900 ሲደመር 1600 ሲደመር 1200 ነው፤ ይህም 3700 ይሆናል። ድምሩ ራሱ 60.8 ኒውተን ገደማ ነው። እዚህ ላይ ብዙ ተማሪ ይሳሳታል። 60 ዲግሪ ሁለቱ ቀስቶች ከአንድ ነጥብ ሲነሡ በመሃላቸው ያለው ዘዌ ነው። በጎነ ሦስቱ ውስጥ ያለው ግን 120 ዲግሪ ነው። ሕጉ በመቀነስ ምልክት ይጻፋል፤ የ120 ዲግሪ ኮሳይን ግን ከዜሮ በታች ስለሆነ የመደመር ምልክቱ የመጣው ከዚያ ነው። አቅጣጫውን፣ ጎኖችን ከፊት ለፊታቸው ካሉት ዘዌዎች ጋር የሚያዛምደው የሳይን ሕግ ይሰጠናል፤ ድምሩ ከ40 ኒውተኑ 25.3 ዲግሪ ይርቃል። ወደ ትልቁ ጉልበት ማዘንበሉ የሚጠበቅ ነው፤ ወደ ትንሹ ካዘነበለ ሥዕሉን ደግሞ ማየት ይበጃል።

ዕቃው ካልተንቀሳቀሰ የጉልበቶቹ ድምር ዜሮ ነው፤ ቀስቶቹም ዞረው መነሻቸው ላይ ይገጥማሉ። 100 ኒውተን የሚመዝን ዕቃ በሁለት ገመድ ተንጠልጥሏል እንበል። አንዱ ገመድ ከአግድም 30፣ ሌላው 60 ዲግሪ ቢሆን ውጥረታቸው 50 እና 86.6 ኒውተን ይሆናል። ቀጥ ብሎ የቆመው ገመድ ይበልጥ ይሸከማል። ሁለቱ ሲደመሩ ከ100 መብለጣቸው ስሕተት አይደለም፤ ገመዶቹ ወደ ጎን እርስ በርስም ይሳሳባሉ።

በጣም የሚደንቀው የሚከተለው ነው። ዕቃው በአንድ ገመድ መሃል ይንጠልጠል፤ ሁለቱም ወገን ከአግድም እኩል ይዘቅዝቅ። ውጥረቱ ክብደቱ ለዘዌው ሳይን እጥፍ ሲካፈል ነው። ለዚያው 100 ኒውተን፣ በ30 ዲግሪ ውጥረቱ 100 ኒውተን ነው። በ10 ዲግሪ 288፣ በ5 ዲግሪ 574፣ በ1 ዲግሪ 2865 ይደርሳል! በዜሮ ዲግሪ ሳይኑ ዜሮ ስለሆነ የሚበቃ ውጥረት የለም። ገመዱ የፈለገውን ያህል ቢጠነክር፣ ክብደት ተሸክሞ ፍጹም አግድም ሊሆን አይችልም። የኤሌክትሪክ ሽቦ በምሰሶዎች መሃል ረገብ ብሎ የሚዘረጋበትም አንዱ ምክንያት ይኸው ነው።

በተገላቢጦሽም ይሠራል። ውጥረቶቹ 60 እና 80፣ ክብደቱም 100 ኒውተን መሆኑ በሚዛን ከታወቀ፣ ጎነ ሦስቱ 60፣ 80፣ 100 ነው። ስለዚህ በገመዶቹ መሃል ያለው ዘዌ 90 ዲግሪ ነው። ባለ 80 ኒውተኑ ከቋሚው መስመር 36.9፣ ባለ 60ው 53.1 ዲግሪ ያዘነብላል።

ጉልበቶቹ ሲበዙ እያንዳንዱን በኮሳይንና በሳይን ወደ አግድምና ወደ ቋሚ ክፍል መበተን ይቀላል። አግድሙ ለብቻ፣ ቋሚው ለብቻ ይደመራል። አቅጣጫው በታንጀንት ይገኛል፤ ግን ካልኩሌተሩ የሚሰጠው ዘዌ በ180 ዲግሪ የተገለበጠ ሊሆን ስለሚችል የክፍሎቹን ምልክት ማየት ግድ ነው። በአንድ ጠፍጣፋ ገጽ ላይ፣ በአንድ ነጥብ ከሚገናኙ ጉልበቶች የሚወጡት እኩልታዎች ሁለት ብቻ ናቸው። ስለዚህ የሚገኙትም ሁለት ያልታወቁ ነገሮች ናቸው። ዕቃውን በዚያው ገጽ ሦስት ገመዶች ከያዙት፣ የገመዶቹ መለጠጥ ካልታወቀ በቀር የእያንዳንዳቸው ድርሻ አይለይም።