ፔኬ ጋላጋ፦ ከትዕይንት ንድፍ እስከ ዳይሬክተርነት

ፔኬ ጋላጋ በፊሊፒንስ ሲኒማ ስሙ የገነነው በዳይሬክተርነቱ ነው። ቀደም ሲል ግን የታወቀው በፕሮዳክሽን ዲዛይነርነት፣ ማለትም ታሪኩ የሚፈጸምበትን ቤት፣ ጎዳናና ዕቃ መልክ የሚወስን ባለሙያ ሆኖ ነበር። ይህ ዓይኑ እስከ መጨረሻው አልተለየውም፤ በምርጥ ሥራዎቹ ውስጥ ቤቱ ራሱ ታሪክ ይናገራል።

ሙሉ ስሙ ሞሪስ ሩይዝ ዴ ሉዙሪያጋ ጋላጋ ሲሆን፣ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ነሐሴ 25 ቀን 1943 ማኒላ ውስጥ ተወለደ። ከሁሉም በላይ ስሙ የሚያያዘው ግን በሸንኮራ አገዳ እርሻ ከበለጸገችው ከኔግሮስ ደሴትና ከከተማዋ ከባኮሎድ ጋር ነው።

በ1976 የኤዲ ሮሜሮ ፊልም «ጋኒቶ ካሚ ኖን፣ ፓአኖ ካዮ ንጋዮን?» ለእይታ ሲበቃ፣ የስፔን አገዛዝ ማብቂያንና የአሜሪካውያንን መምጣት በዓይን እንዲታይ ካደረጉት አንዱ ጋላጋ ነበር። ከላይዳ ሊም ፔሬዝ ጋር ለሠራው ለዚህ ንድፍ የሃያስያኑን የጋዋድ ኡሪያን ሽልማት ተቀብሏል። በ1980 ደግሞ የኢሽማኤል በርናልን «ማኒላ ባይ ናይት» ነደፈ። የከተማዋን የሌሊት ገመና ያጋለጠው ይህ ፊልም የፕሬዚዳንት ማርኮስን ባለቤት ኢሜልዳ ማርኮስን አስቆጥቶ፣ «ማኒላ» የሚለው ስም ከርዕሱ እንዲወጣ ተደርጓል። ያለፈውን ዘመን መልሶ ማቆምና በዘመኑ የነበረውን ከተማ ከነጉስቁልናው ማሳየት ሁለት የተለያዩ ፈተናዎች ናቸው፤ እሱ ሁለቱንም ተወጥቷል።

ታላቅ ሥራው በ1982 የወጣው «ኦሮ፣ ፕላታ፣ ማታ» ነው። ታሪኩን ከማሪዮ ታጊዋሎና ከኮንቺታ ካስቲዮ ጋር ጸነሰው፤ ስክሪፕቱን ሆሴ ሃቪየር ሬየስ ጻፈው። ወጪውን የሸፈነው በማርኮስ ዘመን የተቋቋመው ኤክስፐሪሜንታል ሲኒማ ኦፍ ዘ ፊሊፒንስ ነበር። የፊልሙ ስም ከአናጢዎች ልማድ የተወሰደ ነው። ደረጃ ሲሠራ እርከኖቹ ከታች ወደ ላይ «ወርቅ፣ ብር፣ ሞት» እየተባሉ ይቆጠራሉ፤ የመጨረሻው እርከን «ሞት» ላይ ካረፈ ለቤቱ መዓት ነው ተብሎ ይታመናል። ፊልሙም ሦስት ክፍል ሆኖ ይህንኑ ቅደም ተከተል ይከተላል። በ1941 መጨረሻ በአንድ ባለጸጋ ቤት የልጅቷ ድግስ ደምቆ ሳለ ኮሬጊዶር የተባለችው መርከብ የመስጠሟ ወሬ ይደርሳል። ከዚያ በኋላ ሁለት የባላባት ቤተሰቦች አገሩን የወረሩትን ጃፓኖች እየሸሹ ከእልፍኝ ወደ እርሻ ቤት፣ ከእርሻ ቤት ወደ ጫካ ይሄዳሉ። ቤቱ እየኮሰሰ በሄደ መጠን ጨዋነታቸውም አብሮ ይራቆታል፤ ከሦስት ሰዓት በላይ በሚፈጀው ፊልም ተመልካቹ ይህን ውድቀት የሚያነበው ከንግግሩ ይልቅ ከክፍሎቹ ነው። ንድፉን ዶን ኤስኩዴሮና ሮዴል ክሩዝ ሠሩት፤ እንዲህ ያለ ፊልም ግን ንድፍን ከውስጥ ከሚያውቅ ዳይሬክተር በቀር ከማን ይጠበቃል? በ2013 ምስሉ ታድሶ እንደገና ለእይታ በቅቷል።

በ1985 የሠራው «ስኮርፒዮ ናይትስ» የወሲብ ትዕይንቶቹ ብዙ አነጋግረዋል። ለእኔ ከዚያ የሚበልጠው የወለሉ ቀዳዳ ነው፦ ፎቅ ላይ የሚኖር ተማሪ በዚያ ቀዳዳ ከሥር የሚኖሩትን የጥበቃ ሠራተኛና ሚስቱን ያያል፤ የሦስቱም ዕጣ ከዚያች ክፍተት ይመዘዛል።

በአስፈሪ ተረቶችም ሠርቷል። በ1984ቱ «ሼክ፣ ራትል ኤንድ ሮል» ውስጥ ማናናንጋልን፣ ማለትም ሌሊት ከወገቧ ተገምሳ የምትበርረውን የአገሬውን ጭራቅ፣ ወደ ስክሪን አመጣት። በኋላ ከሎሬ ሬየስ ጋር ለብዙ ዓመታት በጥምር እየመሩ ሠሩ፤ ለልጆች የተሠራው የ1996ቱ «ማጂክ ቴምፕል» የሁለቱ ነው፤ ጋላጋ ከጸሐፊዎቹም አንዱ ነበር።

በባኮሎድ በሴንት ላሳል ዩኒቨርሲቲ አስተምሯል። ዛሬ ታዋቂ የሆነው ዳይሬክተር ኤሪክ ማቲም ሙያውን በእሱ ሥር ተምሯል። ጋላጋ ግንቦት 7 ቀን 2020 በ76 ዓመቱ በዚያችው ከተማ ዐረፈ።